ርቀት ወዴት ሄደ?

በማኅበሩ ዓመታዊ ስብሰባ በአዳማ ከተማ የቀረበ ንግግር



ከአንድ ሥፍራ ተነሥቶ በቅጽበተ ዐይን በሌላ ሥፍራ የመገኘት ምኞት የዘመኑ ልብ ወለድ ደራሲዎች ያመጡት እንግዳ ሐሳብ አይደለም። ክብረ ነገሥት ንጉሥ ሰሎሞን ለንግሥተ ሳባ ከሰጣት ስጦታዎች መካከል በባሕር ላይ የሚሄድ አንድ፣ በነፋስ ላይ የሚሄድ ሌላ መጓጓዣ እንደ ነበረ ይተርካል። ልጇ ቀዳማዊ ምኒልክ ታቦተ ጽዮንን ይዞ በተመለሰ ጊዜም ሰዉ፣ ፈረሱ፣ በቅሎውና ጭነት የተሸከመው ግመል ሁሉ አንድ ክንድ ያህል ከምድር ከፍ ብሎ የ13 ቀን መንገድ በአንድ ቀን እንደ ተጓዘ፣ ከመካከላቸውም የደከመ፣ የተራበና የተጠማ እንዳልነበረ ይናገራል። ይህን ትረካ በሃይማኖት ዐይን የሚያነብ አለ፤ በሥነ ጽሑፍ ዐይን የሚያነብም አለ። በመሐንዲስ ዐይን ሲነበብ ግን ልብ ሊባል የሚገባው አንድ ነገር ይገኝበታል፤ ይኸውም ጉዞው ማንንም ወደ ኋላ ያላስቀረ መሆኑ ነው። ልዑሉና ጫኙ፣ ሠረገላውና የጭነት ከብቱ እኩል ተነሥተው እኩል ደረሱ።

በዘመናዊው ልብ ወለድ ውስጥ ያለው መሣሪያ ከዚህ የተለየ ነው። እ.ኤ.አ. በ1966 በአሜሪካ ቴሌቪዥን መታየት የጀመረው «ስታር ትሬክ» የተባለው ተከታታይ ፊልም ሰውን ከጠፈር መርከብ አንሥቶ በአንድ አፍታ በሩቅ ፕላኔት ላይ የሚያሳርፍ መሣሪያ ነበረው። መሣሪያው የታሰበበት ምክንያት ከሳይንስ ይልቅ ከገንዘብ ጋር የተያያዘ ነበር፤ መርከቢቱ በየሳምንቱ ስታርፍና ስትነሣ ፊልም ማንሣት ለአዘጋጆቹ እጅግ ውድ ስለ ሆነባቸው ተዋንያኑን ከአንዱ ቦታ አጥፍቶ በሌላው ማሳየት ርካሹ ዘዴ ሆኖ ተገኘ። በዚያው ዓመት አሜሪካዊቷ ደራሲ ኧርሱላ ለ ጊን ባሳተመችው ልብ ወለድ ደግሞ ቃልን ከአንድ ዓለም ወደ ሌላው ዓለም ያለ አንዳች መዘግየት የሚያደርስ መሣሪያ ቀረበ፤ ስሙንም «አንሲብል» አለችው። በእርሷ ዓለም ውስጥ ቃል ወዲያው ይደርሳል፤ ሰው ግን በብርሃን ፍጥነት አጠገብ እየተጓዘም እንኳ ለመድረስ ዓመታት ያልፉበታል። ከሁለቱ ፈጠራዎች ይህኛው ለዛሬው የኢትዮጵያ ኑሮ ይበልጥ ይቀርባል። ምክንያቱም በተግባር የተፈጸመው ይኸው ነው፤ ቃል ደርሷል፤ አካል ገና በመንገድ ላይ ነው።

በመጀመሪያ ሳይንሱ የሚፈቅደውን ማየት ይገባል። አንስታይን እ.ኤ.አ. በ1905 ካወጣው ንድፈ ሐሳብ እንደሚከተለው ማናቸውም መልእክት ከብርሃን ፍጥነት ሊበልጥ አይችልም፤ ይህም በሴኮንድ 300,000 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ስለዚህ «ወዲያው» የሚለው ቃል በፊዚክስ ሕግ ፊት አይቆምም። ነገር ግን ለአንድ አገር ኑሮ ልዩነቱ ከቁጥር የሚገባ አይደለም። ከአዲስ አበባ እስከ አዳማ ያለው መንገድ 100 ኪሎ ሜትር ያህል ቢሆን፣ ብርሃን ይህን ርቀት የሚያቋርጠው ከሴኮንድ ሦስት ሺኛ እጅ በአንዱ ነው። በመስታወት ክር ውስጥ ፍጥነቱ ወደ 200,000 ኪሎ ሜትር ዝቅ ቢልም የሚሰማው ጆሮ ልዩነቱን አያውቀውም። የሱሉልታው የሳተላይት ምድር ጣቢያ እ.ኤ.አ. በ1979 ሥራ ሲጀምር ግን መዘግየቱ በጆሮ የሚያዝ ነበር፤ ሳተላይቱ ከምድር ወገብ በላይ 36,000 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ስለሚገኝ ድምፅ ወጥቶ እስኪወርድ የሴኮንድ ሩብ ያህል ይፈጅበታል፤ ተናጋሪው ጠይቆ መልስ እስኪሰማም ግማሽ ሴኮንድ ይሆናል።

አካልን በተመለከተ ሳይንስ የደረሰበት ቦታ በስሙ ምክንያት ብዙ ሰው ያሳስታል። «ኳንተም ቴሌፖርቴሽን» የሚባለው አሠራር እ.ኤ.አ. በ1993 በንድፈ ሐሳብ ቀረበ፤ በ1997 በኦስትሪያ በኢንስብሩክ በቤተ ሙከራ ተሠራ፤ በ2017 ደግሞ የቻይና ሳይንቲስቶች ከምድር ወደ ሳተላይት እስከ 1,400 ኪሎ ሜትር በሚደርስ ርቀት መፈጸማቸውን አስታወቁ። ሆኖም የተጓዘው ቁስ አካል አይደለም፤ የአንዲት የብርሃን ቅንጣት ጠባይ ነው። ጠባዩ በመነሻው ቦታ ይጠፋና በመድረሻው ቦታ በሌላ ቅንጣት ላይ ይታያል። ይህም ቢሆን ያለ ተራ መልእክት አይፈጸምም፤ ከመነሻው ወደ መድረሻው በስልክ ወይም በራዲዮ የሚላክ ማስታወቂያ ያስፈልገዋል፤ ያም ማስታወቂያ ከብርሃን አይፈጥንም። እንግዲህ ከመነሻው በር ገብቶ በመድረሻው በር የሚወጣ ሰው ከልብ ወለድ ገጽ አልወጣም ማለት ነው።

ይሁን እንጂ ወደዚያ ምኞት የሚያመራው መንገድ በስምጥ ሸለቆ ከተሞች ላይ አልፏል፤ አሁንም በማለፍ ላይ ይገኛል። የአገሪቱ የቴሌኮሙኒኬሽን ታሪክ እንደ መነሻ የሚቆጥረው እ.ኤ.አ. 1894ን ሲሆን፣ ሐረርን ከአዲስ አበባ ያገናኘው የስልክ መስመር 477 ኪሎ ሜትር ርዝመት ነበረው። ሽቦው ከምሥራቁ ደጋ ተነሥቶ ወደ ሸዋ ደጋ ለመድረስ ስምጥ ሸለቆን ማቋረጥ ግድ ሆነበት። ነጋዴው ከነበቅሎው ሳምንታት የሚፈጅበትን አገር ቃል በአንድ ትንፋሽ አቋረጠው። «ከአፍ የወጣ አፋፍ» የሚለው ብሂል ሰው ስለ ምሥጢር ጥንቃቄ የሚናገረው ቢሆንም በዚያ ዘመን በሽቦ ላይ ቃል በቃል ተፈጸመ። ዳሩ ግን የመስመሩ በሮች ጥቂት ነበሩ፤ በመካከሉ ያለው እረኛና ገበሬ ግንዱንና ሽቦውን እንጂ ድምፁን አያውቅም ነበር።

ቀጥሎ የመጣው ባቡር ነው። ሐዲዱ በ1895 ዓ.ም. ድሬዳዋ፣ በ1909 ዓ.ም. ደግሞ አዲስ አበባ ደረሰ። ከጅቡቲ እስከ አዲስ አበባ ያለው መንገድ በቀድሞው ዘመን የሦስት ቀን ጉዞ ነበር፤ መንገደኛው በድሬዳዋና በአዋሽ ያድር ነበር። ባቡሩ ከካራቫን ጋር ሲወዳደር ተአምር ነበር፤ ነገር ግን መቆም የሚያውቅ ተአምር ነበር። የእንፋሎት ባቡር ውኃ ይጠጣል፤ ውኃ በሚጠጣበት ቦታ ጣቢያ ይሠራል፤ ጣቢያ በተሠራበትም ሠራተኛ ይሰፍራል፤ ሠራተኛ በሰፈረበት ገበያ ይቆማል። መተሐራ፣ ወለንጪቲ፣ አዳማ፣ ሞጆና ቢሾፍቱ እያንዳንዳቸው የራሳቸው ታሪክ ቢኖራቸውም፣ ባቡሩ በደጃቸው መቆሙ ለዕድገታቸው ትልቅ ድርሻ እንደ ነበረው የሚክድ የለም። በመስኮት እጁን የሚዘረጋ መንገደኛና ከመስኮቱ ሥር እንቁላልና ፍራፍሬ የምትሸጥ እናት ለጥቂት ደቂቃ ይገናኙ ነበር። የባቡሩ ዝግመት ለመንገደኛው ጉዳት፣ ለከተማይቱ ግን እንጀራ ነበር።

ከዚህ በኋላ የመጣው ፍጥነት ሁሉ የመቆሚያዎቹን ቁጥር እየቀነሰ የመጣ ነው። የአዲስ አበባ–አዳማ የፍጥነት መንገድ በ2006 ዓ.ም. ሲመረቅ በአገሪቱ የመጀመሪያው ሆነ። ባለ ስድስት መስመር ነው፤ ርዝመቱም ከ80 ኪሎ ሜትር ጥቂት ይበልጣል። በሁለቱ ከተሞች መካከል ያለውን የከፍታ ልዩነት አንድ አሽከርካሪ በአንድ ሰዓት ገደማ ይወርደዋል። በቀድሞው መንገድ ላይ ግን ዱከም በሥጋ ቤቶቿ፣ ሞጆ በገበያዋ መንገደኛውን ያስቆሙት ነበር። በፍጥነት መንገዱ የሚሄደው ሰው የእነዚህን ከተሞች ስም በሰሌዳ ላይ ያነባል እንጂ ከተሞቹን አያይም። መንገዱ በአጥር የተከለለ ስለ ሆነ እግረኛ፣ ባጃጅና ጋሪ አይገቡበትም፤ ማሳው ከአጥሩ ማዶ የቀረበት ገበሬም መሻገሪያ ድልድይ ወዳለበት መዞር አለበት። በ2009 ዓ.ም. የተመረቀውና 750 ኪሎ ሜትር ያህል ርዝመት ያለው አዲሱ የኤሌክትሪክ ባቡር መስመርም እንዲሁ ነው፤ የቀድሞው ባቡር በከተማ መኻል ይቆም ነበር፤ የአዲሱ መስመር ጣቢያዎች ግን በአብዛኛው ከከተሞቹ ዳር ርቀው የተሠሩ ናቸው።

ይህን ሁሉ መናገር ፍጥነትን መንቀፍ ሊመስል ይችላል። እንደዚያ አይደለም። ከሞጆ ደረቅ ወደብ የሚነሣው ዕቃ በቶሎ መድረሱ ለአገር ጥቅም ነው። በባቱ የተቆረጠው ጽጌረዳ ሳይጠወልግ አውሮጳ ገበያ መድረሱ ለብዙ ሺህ ሠራተኛ ደመወዝ ነው። ወደ ሪፈራል ሆስፒታል ለተላከ በሽተኛ የተረፈች ግማሽ ሰዓት ሕይወት ልትሆን ትችላለች። የዚህ ንግግር ጥያቄ ፍጥነት ይጥቀም ወይስ ይጉዳ የሚል አይደለም። ጥያቄው ርቀቱ ወዴት ሄደ የሚል ነው። ርቀት በመሣሪያ ብዛት የሚጠፋ ነገር አይደለምና። ከመንገዱ መኻል ሲነቀል በመንገዱ ጫፍ ላይ ይተከላል፤ በኪሎ ሜትር መለካቱ ቀርቶ በሰልፍ፣ በዋጋና በበር ይለካል።

ይህን በልብ ወለዱ መሣሪያ መፈተን ይቻላል። በአዳማ ከተማ ሰውን በቅጽበት አዲስ አበባ የሚያደርስ አንድ በር ተሠራ እንበል። አንድ ሰው ለመግባትና ለማለፍ 10 ሴኮንድ ብቻ ይበቃዋል እንበል። በሩ በሰዓት 360፣ ሌሊትና ቀን ሳያቋርጥ ቢሠራ ደግሞ በቀን 8,640 ሰው ያሳልፋል። በአንድ ማለዳ 20,000 ሰው ቢሰለፍ የመጨረሻው ተራ የሚደርሰው ከ55 ሰዓት በኋላ ነው። ከዚያ ሰልፍ ወጥቶ በሰዓት 5 ኪሎ ሜትር፣ በቀን 10 ሰዓት የሚራመድ ጠንካራ እግረኛ ግን በሁለተኛው ቀን ማታ አዲስ አበባ ይገባል። የጉዞው ጊዜ ዜሮ ሆኖ ሳለ እግረኛው ቀደመ ማለት ነው። መድኃኒቱ የበሮቹን ቁጥር ማብዛት ነው ቢባል ትክክል ነው፤ ነገር ግን እያንዳንዱ በር ቦታ፣ ኃይልና ጠባቂ ይፈልጋል። በበሩ ዙሪያ ያለው መሬት ይወደዳል፤ ድኻው ከበሩ እየራቀ ይሰፍራል። ከወንጂ፣ ከወለንጪቲ ወይም ከዚያ ማዶ ካለው ገጠር የሚመጣው ሰውም እስከ በሩ ድረስ በጋሪና በባጃጅ መምጣቱ አይቀርም። እንግዲህ የመሣሪያው ፍጥነት የሚያበቃው ጋሪው በሚጀምርበት ቦታ ነው።

ይህ ምሳሌ ልብ ወለድ ቢሆንም በተግባር የሚታየውን ይገልጣል። ኢንተርኔት በ1989 ዓ.ም.፣ ተንቀሳቃሽ ስልክ በ1991 ዓ.ም. ወደ አገሪቱ ገቡ። በ2013 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው ቴሌብር ደግሞ ገንዘብን ከቃል እኩል አስኬደው። በአዳማ ያለ ነጋዴ ለሻሸመኔ ደንበኛው ብር ሲልክ ገንዘቡ የሚደርሰው ስልኩን ኪሱ ሳይከት ነው። ነገር ግን ተቀባይዋ የገጠር ሴት ብትሆንና ጥሬ ብር ብትፈልግ ወኪል ወዳለበት ከተማ መሄድ አለባት፤ ወኪሉ ጥሬ ገንዘብ አልቆበት እንደ ሆነም በማግሥቱ ትመለሳለች። ብሩ በቅጽበት የተጓዘ ቢሆንም እርሷ ሁለት ቀን ተጉዛለች።

ከዚህ የከበደ ሌላ ምሳሌ አለ። ከአዳማ አጠገብ በቦሰት ወረዳ ከዋናው መንገድ ርቃ በምትገኝ መንደር ምጥ የያዛት ሴት ብትኖር፣ ባለቤቷ ለአምቡላንስ የሚደውለው ጥሪ ለመድረስ ከዐይን ጥቅሻ ያነሰ ጊዜ ይበቃዋል። አምቡላንሱ ግን በክረምት ጭቃ፣ ድልድይ በሌለው ወንዝና አቧራ በሞላው መንገድ ላይ ይመጣል። ጥሪው በሴኮንድ ውስጥ ደርሶ ርዳታው በሰዓታት ሲዘገይ፣ በሁለቱ መካከል ያለው ክፍተት ከቀድሞው ይልቅ ይሰማል። በጥንቱ ዘመን መልእክተኛውም በሽተኛዋም በአንድ ፍጥነት ይጓዙ ስለ ነበር መዘግየቱ የእግዚአብሔር ፈቃድ ተደርጎ ይታይ ነበር። ዛሬ ግን ባልዮው ሰሚ እንዳለ ያውቃል፤ ስለዚህም መዘግየቱ የሰው ሥራ መሆኑን ያውቃል። ይህ ዕውቀት በመሐንዲሱ ላይ የሚጥለው ኃላፊነት ቀላል አይደለም።

በውጭ አገር ያሉ ኢትዮጵያውያንም ይህንኑ ክፍተት በየቀኑ ይኖሩበታል። በቤይሩት ወይም በሪያድ በሰው ቤት የምትሠራ የአዳማ ልጅ የእናቷን ፊት በስልክ መስታወት ላይ ታያለች፤ የቡናው ረከቦት ሲቀርብ፣ ጎረቤት ሲገባና ሲወጣ ትመለከታለች። እናቲቱ በታመመች ጊዜም ልጅቱ በዚያው ሰዓት ታውቃለች። ለመምጣት ግን ፓስፖርቱ በአሠሪዋ እጅ ሊሆን ይችላል፤ የመውጫ ፈቃድና የአውሮፕላን ዋጋም አለ። ቀድሞ ደብዳቤ ዘግይቶ በመድረሱ ሐዘኑ ይዘገይ ነበር፤ አሁን ሐዘኑ ወዲያው ይደርሳል፤ ሐዘንተኛዋ ግን አትደርስም። የአንሲብል ደራሲ በሩቅ ከዋክብት ላይ ያስቀመጠችው ችግር በአንድ የአዳማ ግቢ ውስጥ ተቀምጦ ይገኛል።

እንግዲህ ከዚህ ሁሉ ለሙያው የሚሆን ምን ትምህርት ይገኛል? ሦስት ነገሮች በአጭሩ ቢጠቀሱ ይበቃሉ።

አንደኛው የመለኪያ ጉዳይ ነው። የመንገድና የባቡር ዕቅድ የጉዞን ጊዜ ከጣቢያ እስከ ጣቢያ፣ ከመግቢያ በር እስከ መውጫ በር መለካት ለምዷል። ተጓዡ ግን የሚነሣው ከቤቱ ደጃፍ ነው። ከአዳማ እስከ አዲስ አበባ አንድ ሰዓት ቢፈጅ፣ ከቤት እስከ መናኸሪያ አርባ ደቂቃ፣ መኪና እስኪሞላ ሠላሳ ደቂቃ፣ አዲስ አበባ ከገቡ በኋላ እስከ ጉዳዩ ቦታ ሌላ ሰዓት ቢታከል፣ የፍጥነት መንገዱ ያተረፈው ጊዜ በሁለቱ ጫፎች ተበልቷል ማለት ነው። ዕቅዱ ከቤት እስከ ጉዳይ ያለውን ጊዜ ቢለካ ከመኻሉ ይልቅ ጫፎቹ ትኩረት ያገኛሉ፤ ከስድስት መስመር አስፋልት አንዲት የመንደር ድልድይ ብዙ ጊዜ የምታተርፍበት ሁኔታም ይታያል።

ሁለተኛው የመካከለኞቹ ከተሞች ጉዳይ ነው። ከሞጆ በመቂና በባቱ በኩል ወደ ሐዋሳ የሚዘረጋው የፍጥነት መንገድ ሲታቀድም ሲሠራም፣ በየከተማው የሚደረገው መግቢያና መውጫ እንደ ተጨማሪ ወጪ ብቻ መታየት የለበትም። የእንፋሎቱ ባቡር ሳያስበው በውኃ ጥሙ ምክንያት ለከተሞች የሰጠውን ነገር፣ የዛሬው መሐንዲስ አስቦ ሊሰጥ ይገባዋል። የገበያ ቦታው፣ የመናኸሪያውና የጋሪ መቆሚያው ከመውጫው ጋር አብረው ቢነደፉ ፍጥነቱ ሳይጎዳ ከተማይቱ ከመንገዱ ተካፋይ ትሆናለች።

ሦስተኛው የኃይልና የመስመር መቋረጥ ጉዳይ ነው። የአዋሽ ውኃ ከቆቃ ግድብ እ.ኤ.አ. ከ1960 ጀምሮ ኤሌክትሪክ ሲያመነጭ ቆይቷል፤ በአዳማ ኮረብቶች ላይም የነፋስ ኃይል ማመንጫዎች ቆመዋል። ሆኖም ከማመንጫው አጠገብ መኖር መብራት አለማጣት አይደለም። ስልክ፣ ባንክና ባቡር በአንድ ኃይል ላይ በተንጠለጠሉ ቁጥር አንዲት መቋረጥ ሁሉንም በአንድ ጊዜ ታቆማለች። በቅሎ የነበረው ሰው መስመሩ ቢቋረጥ በበቅሎው ይሄድ ነበር፤ በቅሎውን የሸጠው ሰው ግን ይቀመጣል። ስለዚህ የቀድሞው መንገድ ጥገና፣ የመጠባበቂያ ኃይልና ያለ ኔትወርክ የሚሠራ አሠራር አዲሱ ከመጣ በኋላም ሊተዉ አይገባቸውም።

ከጥንቱ ትረካ ጋር ማነጻጸሩ እዚህ ላይ ይጠቅማል። ክብረ ነገሥትን የጻፈው ሰው ፈጣን ጉዞን ሲያስብ ግመሉን ከነጭነቱ፣ እግረኛውን ከነድካሙ አንድ ክንድ ከምድር አነሣቸው። ሁሉም እኩል ባይደርሱ ተአምሩ ተአምር አይባልም ብሎ ያሰበ ይመስላል። የዛሬው መሐንዲስ ሁሉን በአንድ ጊዜ ሊያነሣ አይችልም፤ ይህ ከእርሱ አይጠበቅም። ከእርሱ የሚጠበቀው ማን እንደ ቀረ ማወቅ ነው። ይህም በሒሳብ የሚደረስበት ነገር ስለ ሆነ፣ አባላቱ በሚመጣው ዓመት በሚያቀርቡት ንድፍ ሁሉ ላይ አንድ መሥመር እንዲጨምሩ ይህ ንግግር ይጠይቃል። መሥመሩም ከበሩ እጅግ ርቆ የሚኖረው ሰው ከቤቱ ተነሥቶ እስኪደርስ የሚፈጅበትን ጊዜ የሚያሳይ ይሁን።